ቡታጅራን ሆኜ ስሰነብት

ድሮም ብዙ አልናገርም ነበር። በጣሊያን ጊዜ አንድ ቀን ብቻ ሳልጠነቀቅ ረዘም አድርጌ ተናገርኩ፤ ከዚያ በኋላ ዝምታዬን መልሼ ለማግኘት ዓመታት ፈጀብኝ። የተናገርኩት ስድብ ቢሆን ኖሮ ገርፈውኝ ያበቃ ነበር። ሐሜት ቢሆን ኖሮ ሽማግሌ ገብቶ ያስታርቀን ነበር። የእኔ ግን ሂሳብ ነበር፤ ለሂሳብ ደግሞ ሽማግሌ አይቀመጥም።

ሂሳብ ስላችሁ መደመርና መቀነስ እንዳይመስላችሁ። በዚያ በተወሰንኩ በስንት ጣዕሙ! ያኔ የአባ ከድር ሱቅ ተቀጣሪ ነበርኩ። አባ ከድር ስኳርና ምስማር የሚጠቀልሉበትን አሮጌ ወረቀት ከአዲስ አበባ በጆንያ ያስመጡ ነበር፤ ጋዜጣውም፣ የተገነጠለው መጽሐፍም ተደባልቆ ይመጣል። ፊደል ያስቆጠሩኝ መምሬ ኃይሌ ናቸው። ጣልያንኛውን ከጋዜጣው ሥዕል ጋር እያስተያየሁ፣ ከሶላቶዎቹም አፍ እየለቀምኩ ለመድኩ። ሂሳቡን ያስተማረኝ ግን ማንም የለም፤ ከመጠቅለያ ነው የተማርኩት። ከሁሉም አንድ መጽሐፍ ልቤን ወሰደው። ገጾቹ ተበታትነው ስለነበር የትኛው የትኛውን እንደሚከተል ለማወቅ ብቻ አንድ ክረምት አለቀብኝ። አንድ ጊዜማ ሳላስተውል ለደንበኛ ስኳር የጠቀለልኩበት ገጽ የአንድ የሂሳብ ማስረጃ ማብቂያ ሆኖ ተገኘ። ሴትዮዋ ቤት ድረስ ሮጬ፣ «እባክዎን ስኳሩን ይገልብጡልኝ» አልኳቸው። ገለበጡልኝ። ከዚያ ወዲያ ግን ሱቅ በመጡ ቁጥር አባ ከድር ራሳቸው ካልመዘኑላቸው በቀር ከእኔ እጅ ስኳር አልተቀበሉም።

መጽሐፉ የሚያወራው በዕቃ ውስጥ ተዘግተው ስለሚንቀሳቀሱ የአየር ቅንጣቶች ነበር። የአየር ቅንጣት አይቼ ስለማላውቅ እኔ በዝንብ ለወጥኩት፤ በአባ ከድር ሱቅ ዝንብ ጠፍቶ አያውቅም። ሕጉ እንዲህ ነው፦ በዚህች ቅጽበት ሱቁ ውስጥ ካሉት ዝንቦች ምን ያህሉ ስኳሩ ላይ፣ ምን ያህሉ ጣሪያው ላይ፣ ምን ያህሉ የአባ ከድር ጢም ላይ እንዳሉ ማወቅ ብትፈልጉ ሁሉንም መቁጠር አያሻችሁም። አንዲቱን ብቻ ያዙና ለረጅም ጊዜ ተከታተሏት። የጊዜዋን እኩሌታ ስኳር ላይ ካሳለፈች፣ ከዝንቦቹም እኩሌታው አሁን ስኳር ላይ ናቸው። ጊዜ ከተሰጣት አንዲቱ ሁሉንም ትሆናለች ማለት ነው። ይህ የገባኝ ቀን ደስታዬን የማካፍለው ሰው ስላልነበረ የስኳሩን ክዳን ለዝንቦቹ ከፍቼ ተውኩላቸው።

እዚያው መጽሐፍ ውስጥ የተዘበራረቀ ነገር በራሱ ጊዜ እንደማይስተካከል፣ እንዲያውም እየባሰበት እንደሚሄድ የሚያስረዳ ሌላ ምዕራፍ ነበር። እሱን ዘለልኩት። ጣሊያን ከገባ ወዲህ ያንን ለማመን መጽሐፍ የሚያስፈልገው ሰው አልነበረም።

ካፒቴኑ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ምስማር ሊገዛ ገባ። የከተማው አዛዥ እሱ ነው። ከጦርነቱ በፊት በአገሩ የሂሳብ መምህር ነበር ይባላል። ያን ሰሞን አለቆቹ፣ ሕዝቡ ምን እንደሚበላ፣ ምን እንደሚሠራ፣ ምን እንደሚያስብ አጥንተህ አስታውቀን ብለውት ተጨንቆ ነበር። ሊያጠናው ብቅ ሲል ሕዝቡ ይበተንበታል። እኔ ምስማሩን ልጠቀልልበት ያነሳሁትን ገጽ እያነበብኩ ፈዝዤ ቆሜያለሁ።

«ይህን ታነበዋለህ?» አለኝ።

«እሞክራለሁ፣ ሲኞር ካፒታኖ።»

«ምን ይላል?»

እዚህ ላይ አእምሮ ያለው ሰው «ምስማሩ ምን ያህል ይሁንልዎ?» ይላል። እኔ ግን ያን ሁሉ ጊዜ የሚሰማኝ አጥቼ የኖርኩ ሰው ነኝ። ስለ ዝንቦቹ ነገርኩት። ስኳሩን አሳየሁት። የአባ ከድርን ጢም አሳየሁት። አባ ከድር ጣልያንኛ ስለማይሰሙ የተመሰገኑ መስሏቸው ጢማቸውን ዳበስ ዳበስ አደረጉ።

ካፒቴኑ ስኳሩን ከጢሙ ጋር አስተያየና፣ «በሰውስ ይሠራል?» አለ።

«በሰው አልሞከርኩትም።»

«ይሞከራላ!»

«ግን አንድ ነገር አለ» አልኩ፤ ነገር ሳላጣራ መተው አልወድም። «ቤቱ መሐል ለመሐል በግድግዳ የተከፈለ ከሆነ አይሠራም። ከወዲህ ያለችው ዝንብ ዕድሜዋን ሙሉ ብትዞር የወዲያዎቹን ልትሆን አትችልም።»

«ቡታጅራ መሐሏ ላይ ግድግዳ አላት?»

አሰብኩ። ገበያውን፣ ቤተ ክርስቲያኑን፣ መስጊዱን፣ ወደ መስቃን ገጠር የሚወጣውን መንገድ በሐሳቤ ዞርኩ።

«የላትም» አልኩ።

ነበራት። ከገዛ ቤቴ ጀርባ ነበር። ወንድ ስለሆንኩ አልታየኝም እንጂ። እኛ ዘንድ ከቤት ኋላ ያለው የእንሰት ጓሮ የሴቶች ነው። እንሰቱን ወንድ ይተክለዋል፤ ሲፋቅ ግን ወንድ ድርሽ አይልም። ሴቶቹ ተሰብስበው በእንሰት ቅጠል ይጋረዱና ይፍቃሉ፣ ይጨምቃሉ፣ ጉድጓድ ውስጥ ይቀብራሉ፤ ወንዱ በፊት ለፊት ተቀምጦ ቆጮው እስኪቀርብለት ይጠብቃል። ነውር ስለሆነ አይገባም፤ ስለማይገባ አያስበውም። የገዛ ቤታችሁን እኩሌታ እንዲህ ረስታችሁ ዕድሜ ልካችሁን መኖር ትችላላችሁ።

በማግስቱ ማለዳ በራችን ላይ አንድ አስካሪ፣ የጣሊያን ቅጥር ወታደር፣ ጠመንጃውን ተደግፎ ቆሞ አገኘሁ። ተስፋይ ይባላል፤ የሐማሴን ሰው ነው።

«ማንን ፈልገህ ነው?» አልኩት።

«አንተን።»

«ምን አጠፋሁ?»

«ምንም አላጠፋህም። ካፒቴኑ ከዛሬ ጀምሮ ቡታጅራ ማለት አንተ ነህ ብሏል። የምትሄድበት እሄዳለሁ፣ የምትበላውን አያለሁ፣ ሲመሽ ሄጄ እነግረዋለሁ።» ከላይ እስከ ታች አየኝና ራሱን ነቀነቀ። «ቡታጅራስ ከዚህ ትሻል መስሎኝ ነበር፣ ሓወይ» አለኝ፤ በአገሩ ቋንቋ ወንድሜ ማለቱ ነው።

በዚያው ማለዳ ወንድሜ ወልዴ በጓሮ በኩል ገባ። ገባ ማለቴ አስገቡት ማለቴ ነው። ወልዴ ታላቄ ነው፤ ጣሊያን ከገባ ጀምሮ ከአርበኞች ጋር ዘቢዳር ተራራ ላይ ነበር። ጭኑን በጥይት ተመትቶ ነበርና ሴቶቹ በእንሰት ቅጠል ጠቅልለው እንደ ቆጮ ሸክም በሸለቆው በኩል አምጥተው ከእንሰቱ መሐል ዳስ ጣሉለት። ይህን የነገረችኝ ታላቅ እህታችን እትዬ ፈለቀች ናት፤ ቁርስ ስታቀርብልኝ ጎንበስ ብላ።

«ወልዴ ቆስሎ ጓሮ ተኝቷል። ፊትህን እንዳትለውጥ። ብላ።»

በላሁ። ተስፋይ ስበላ አየኝ።

ቁስለኛ የተገኘበት ቤት ምን እንደሚደረግ የማያውቅ ሰው አልነበረም። ቁስለኛው ይሰቀላል፣ ቤቱ ይቃጠላል፣ የቀረው ይነዳል። ሶላቶዎቹም ከተራራው የሸሹ ቁስለኞችን ፍለጋ በዚያው ሳምንት ቤት ለቤት መፈተሽ ጀመሩ። እኛ በር ላይ ሲደርሱ አለቃቸው ተስፋይን ተቀምጦ አየው።

«አንተ እዚህ ምን ትሠራለህ?»

«ጥበቃ ላይ ነኝ። የካፒቴኑ ትእዛዝ ነው።»

«እንግዲያማ ይሄ የተጠበቀ ቤት ነው» አለና ወታደሮቹን ይዞ ወደ ጎረቤት አለፈ።

እትዬ ፈለቀች ይህን በግድግዳው ቀዳዳ ታይ ነበር። ከሄዱ በኋላ ወደ ውስጥ ጠርታ፣ «ከዛሬ ጀምሮ ከበራፍ ንቅንቅ እንዳትል» አለችኝ። «አንተ ከሄድክ ያ አስካሪ ይከተልሃል። እሱ ከሄደ እነዚያ ይመጣሉ። የወልዴ እግር እስኪጠና እዚያው ቁጭ በል።»

«ሱቁስ?»

«ሱቁ ገደል ይግባ!»

ቁጭ አልኩ። መቀመጥ ቀላል ይመስላል። ከተማን ወክላችሁ ተቀምጣችሁ የማታውቁ ሰዎች ናችሁ እንደዚያ የምትሉት።

መጀመሪያ የመጣው የሆድ ነገር ነው። ከፍርሃት የተነሳ ሆዴን ይቆርጠኝ ነበር። ተስፋይ «ሆዱን ይዞ ይውላል» ብሎ ነገረ። ካፒቴኑ፣ የቡታጅራ ሕዝብ በሆድ በሽታ እያለቀ ነው ሲል ደመደመ። ክፉ አልነበረም አልላችሁም፤ ክፋቱንም ደግነቱንም በስሌት የሚያደርግ ሰው ነበር። በዓርብ ገበያ የከተማው ወንድ ሁሉ በሰደፍ እየተገፋ ተሰለፈና የጉሎ ዘይት በማንኪያ ተጋተ። ከዚያ በኋላ በገበያው ዳርቻ የሆነውን አልዘረዝርላችሁም፤ የአጥሩ ሳር መናገር ከቻለ እሱ ይንገራችሁ።

ቀጥሎ ራሴን አከክሁ። ምን እንደበላኝ እንኳ አላስታውስም። በሚቀጥለው ዓርብ ከተማውን ቅማል ወረሰው ተብሎ ወንዱ ሁሉ በበግ መሸለቻ መቀስ ተላጨ። መምሬ ኃይሌ ጢማቸውን ለማዳን ቤተ መቅደስ ገብተው ተቀመጡ። አባ ከድር ግን አልዳኑም፤ ያ ለምሳሌ ያሳየሁት ጢም በገበያ መሐል ወደቀ።

ልብ በሉ፣ ዘይቱን ሴቶች አልጠጡም፤ አልተላጩምም። በካፒቴኑ ሂሳብ ሴት የለችም። ይህ እንዴት እንደሆነ ልንገራችሁ። አንድ ቀን ተስፋይ ሽንት ሊሸና ጠመንጃውን አንጠልጥሎ ወደ ጓሮ አመራ።  የቤቱን ጥግ እንደታጠፈ «ወንድ! ወንድ መጣ!» የሚል ጩኸት ተነሳ፤ ያልተጨመቀ የእንሰት ፍቅፋቂ ከነውሃው ፊቱ ላይ ተለጠፈ። እያራገፈ ተመለሰ።

«ምንድን ናቸው እነዚህ?»

«ሴቶች ናቸው። እንሰት እየፋቁ ነው። ወንድ አይገባም።»

«አንተም?»

«እኔም።»

«በገዛ ቤትህ?»

«በገዛ ቤቴ።»

ሲመሽ ለካፒቴኑ ነገረው። በማግስቱ ካፒቴኑ ራሱ መጣና በፈረሱ ላይ እንዳለ፣ «ከኋላ ያለው ቦታ ምንድን ነው?» አለኝ። ነገርኩት። እያንዳንዱን ቃል እንደ ብርጭቆ በጥንቃቄ እያስቀመጥኩ ነገርኩት።

«አንተ ፈጽሞ አትገባም?»

«ፈጽሞ።»

ጥቂት አሰበና ፈገግ አለ። «መንገደኛው ፈጽሞ የማይደርስበት ቦታ መጠኑ ዜሮ ነው። ዜሮ ደግሞ አይደመርም» አለና ፈረሱን አዞረ።

የቡታጅራን ሴቶች በሙሉ፣ ከነእንሰታቸው፣ ከነወንድሜ ዜሮ አድርጎ ሄደ። ስህተት ነው። ሂሳቡን የተማርኩት ሰው እንደመሆኔ ተከትዬው ሮጬ፣ «ተሳስተዋል፤ ያ ግድግዳ ነው፤ ግድግዳ ካለ ሕጉ አይሠራም» ልለው ይገባኝ ነበር። ስህተት አይቼ ዝም ብዬ አላውቅም። ያን ቀን ግን ምላሴን ነክሼ ስህተቱን በሁለት እጄ ተቀበልኩት።

ከዚያ ወዲያ መሳቅ ጀመርኩ። እትዬ ፈለቀች የወልዴን ቁስል በፈላ ውሃ ስታጥብ ያቃስታል። ሴቶቹ ድምፁን ለመሸፈን ፍቂያውን ያጣድፉታል፣ ይዘፍናሉ። እሱ አልበቃ ሲል እኔ እስቃለሁ። ያለ ምክንያት መሳቅ እብደት ስለሚመስል ተስፋይን ቀልድ እጠይቀው ነበር። ተስፋይ ቀልድ አያልቅበትም፤ ግን አንዱም አያስቅም። ወልዴ ባቃሰተ ቁጥር እኔ ሆዴን ይዤ እንከተከታለሁ።

«ሓወይ፣ ገና አልጨረስኩትም እኮ!» ይለኛል።

«መጨረሻው ከወዲሁ ታይቶኝ ነው።»

ተስፋይ የእኔን ነገር በጠጅ ቤት ሲያወራ ከተማው ሰማ። ያኔ ነው መከራዬ የጀመረው። የማደርገው ሁሉ በዓርብ ገበያ እንደሚወርድባቸው ያወቁ ሰዎች ሽማግሌ መርጠው መጡ። ተስፋይ አማርኛውን እየሰማ በር ላይ ተቀምጧል።

አባ ከድር የተላጨ አገጫቸውን በነጠላ ሸፍነው ጀመሩ። «አሰላሙ ዓለይኩም። ልጄ፣ የመጣነው ለልመና ነው። እባክህ በሰው ፊት አታዛጋ።»

«ባዛጋ ምን ይመጣል፣ አባ ከድር?»

«እኔ ምን አውቄ! ካዛጋህ በኋላ ለማወቅ ነው የምትፈልገው?»

መምሬ ኃይሌ ቀጠሉ፦ «ደግሞ ቤተ ክርስቲያን ከሳምክ ሰነበትክ። ይሄ ሰውዬ ክርስቲያን የለም ብሎ ደብሩን መጋዘን ቢያደርገውስ?»

«እንዲያ ከሆነ ዓርብ ዓርብ መስጊድ ብቅ ይበልልን» አሉ አባ ከድር። «እኛም እኮ በከተማው አለን።»

«የክርስቲያን ልጅ ነው፣ አባ ከድር!»

«መች አይደለም አልኩ? ለከተማው ይስገድ እንጂ ለራሱ ስገድ አላልኩት!»

«ወፍሯል» አለ ከኋላ የቆመ አንድ ገበሬ። «ከወፈረ እህል አላቸው ይሉናል። ይክሳ።»

«ከከሳ በሽተኞች ናቸው ብሎ ያንን ዘይት ይደግመናል! ተው፣ እንዳለ ይሁን!» አለ ሌላው።

ሁሉም ሳቁ፤ እኔም ሳቅሁ። አባ ከድር ግን አልሳቁም። ጠጋ ብለው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ልጄ፣ ዋናው ነገር ሌላ ነው። ወልቂጤ ላይ የጅማን መንገድ እየሠሩ ነው፤ ሰው ይፈልጋሉ። ይሄ ሰውዬ ሕዝቡ ሥራ ፈት ነው ካለ ሁላችንንም ይነዳናል። አንተ ደግሞ ይኸው ቁጭ ብለህ ትውላለህ። ሱቅህ ተመለስ። ዶማ ያዝ፣ እርሻ ውረድ። ዝም ብለህ ብቻ ከዚህ በራፍ ተነሳልን።»

የአባ ከድርን ዓይን አየሁ። ተስፋይን አየሁ። ከጓሮ ፍቂያው ይሰማል።

«አልችልም» አልኩ።

«ለምን?»

«አልችልም፣ አባ ከድር።»

ስድቡ ከዚያ ቀን ጀመረ። በበራችን የሚያልፍ ሁሉ ይጥልብኝ ነበር። «የጣሊያን ወንበር!» ትለኛለች አንዷ እንጨት ሻጭ። «እንደምን ዋልሽ ቡታጅራ? ቂጥሽ አልነደደም?» ይለኛል የጥንት ጓደኛዬ። ሁሉንም ወልዴ ከእንሰቱ መሐል ሆኖ ይሰማው ነበር። ሳቄንም ይሰማው ነበር።

ብልሃት ያገኘሁ መሰለኝ። ከበራፍ ሳልነሳ ሥራ ልሥራ አልኩ። ዶማ አንስቼ በራችን ፊት ጉድጓድ መቆፈር ጀመርኩ። ጥልቅ ሲሆን ግን ወታደሮቹ ምሽግ ነው፣ መደበቂያ ነው እንዳይሉ ፈራሁና መልሼ ደፈንኩት። በማግስቱ ቆፈርኩ፤ ከሰዓት በኋላ ደፈንኩ። ጠርዙን በገመድ እየለካሁ ነበር የምቆፍረው፤ ሥራ ሲባል ሥራ መሆን አለበት። ተስፋይ ጉንጩን ይዞ ያየኛል።

«ምን ብዬ ልንገረው?» አለኝ።

«ሥራ ይሠራል በለው።»

«እሱንስ እላለሁ። ምን ሠራህ ሲለኝ ነው የሚቸግረኝ።»

ካፒቴኑ ራሱ መጣ። እኔ እስከ ወገቤ ጉድጓድ ውስጥ ነኝ።

«ይህ ምንድን ነው?»

«ጉድጓድ ነው።»

«ምን ይሆናል?»

«ይደፈናል።»

ከፈረሱ ወረደ። ከጉድጓዱ አፋፍ ላይ ቆሞ ለረጅም ጊዜ አየኝና ለራሱ እንደሚናገር ሁሉ፣ «ጉልበት አለ። ዓላማ ግን የለም» አለ። ከዚያ ጎንበስ ብሎ፣ እንደ መምህር በለዘበ ድምፅ ጠየቀኝ። «አንድ ነገር በእውነት መልስልኝ። ሌሎቹም እንዳንተ ናቸው? ወይስ አንተ ብቻህን የተለየህ ሰው ነህ? የተለየህ ከሆንክ አመራረጤ ተሳስቷል፤ ተስፋይን ዛሬውኑ አንስቼ ሌላ ሰው እከተላለሁ።»

ከጓሮ የፍቂያው ድምፅ ቆመ። ሴቶቹ ጣልያንኛ አይሰሙም፤ ዝምታው ግን ገብቷቸዋል መሰለኝ። ተስፋይ ጠመንጃውን አንስቶ ትከሻው ላይ አደረገው፤ ለመሄድ ደስ ብሎት ነበር።

«የተለየሁ ነኝ» ማለት እውነቱ ነበር። ሂሳቡም ይቃናል፣ አባ ከድርም ቤታቸው ያድራሉ። ፈታሾቹ ደግሞ ከሰዓት በኋላ ይመጣሉ።

«ሌሎቹም እንደኔው ናቸው» አልኩ።

«እንግዲያ ዓላማ እንሰጣችኋለን» አለ።

ተስፋይ የምንነዳበት ዕለት እስኪደርስ በራችን ላይ ቆየ። ያን ዕለት ማለዳ የከተማው ወንድ ገበያው ላይ ተሰለፈ። እኔንም አሰለፉኝ። አንዱ ሶላቶ ተጠራጥሮ ቢጠይቅ ካፒቴኑ፣ «እሱም ከተማው ነው፤ ይሂድ» አለ። የጉራጌን ተራራ አቋርጠን ወደ ወልቂጤ ስንነዳ ሰዉ መንገዱን ሞልቶ፣ ትከሻ ለትከሻ ተጋፍቶ ይሄዳል፤ በእኔ ግራና ቀኝ ግን ለበሬ የሚበቃ ቦታ ባዶ ነበር።

ወልቂጤ ላይ የሚሠራው ሥራ ድንጋይ መፍለጥ ነው። ትልቁ ድንጋይ መካከለኛ ይሆናል፣ መካከለኛው ጠጠር ይሆናል፣ ጠጠሩ መንገዱ ላይ ይበተናል። አባ ከድር በዚያ ዕድሜያቸው መዶሻ ይዘው ከእኔ ራቅ ብለው ተቀምጠዋል። ስኳር ሲመዝኑ የነበሩት ጣቶቻቸው ተሰነጣጥቀው ደም ያንጠባጥባሉ። አንድ ቀን ጨርቅ ቀድጄ ልሰጣቸው ሄድኩ። ጨርቁን አዩት፣ እኔን አዩኝ፣ መዶሻቸውን አነሱ። ለድንጋዩ ነው ያነሱት፤ እኔ ግን ወደ ኋላ ዘለልኩ።

ስንቅ የሚያመላልሱት ሴቶች ናቸው። እትዬ ፈለቀች አንድ ቀን በምሳ ሰዓት በእንሰት ቅጠል የተጠቀለለ ቆጮ አዝላ መጣች። ሳልስማት ነው የጠየቅኋት።

«ወልዴስ?»

«ሄደ። እናንተ በተነዳችሁበት ሌሊት በእግሩ ሄደ። ትንሽ ያነክሳል እንጂ ደህና ነው።»

ከስንት ጊዜ በኋላ በእውነት ሳቅሁ። የሰው ዓይን ሁሉ ወደ እኔ ዞረና አፌን ያዝኩ።

«ነገርሽው? ለምን ተቀምጬ እንደዋልኩ ነገርሽው?»

«ነገርኩት። በሩን ስትጠብቅለት እንደነበርም፣ እሱ ሲያቃስት እንደምትስቅም። የከተማውንም ነገር ነገርኩት።»

«ምን አለ?»

«መጀመሪያ ብላ።»

«ምን አለ፣ እትዬ?»

ቆጮውን ትፈታ ጀመር። ቋጠሮው አልከበዳትም፤ ጊዜ ፈልጋ ነው። «‹እኔ ጫካ የወጣሁት ለእነሱ ነበር፤ እሱ እነሱን ለእኔ ሰጠ› አለ። ‹ሂሳብ አዋቂ ነው ትሉታላችሁ፤ አንድ ሰው ስንት ሰው እንደሆነ ያስረዳኝ። እስኪያስረዳኝ ድረስ ወንድም የለኝም› አለ።»

 ሂሳብ ሲሰጠኝ ብዕር ፍለጋ እጄ ኪሴ ይገባል፤ ያን ቀንም ገባ።

«ተቀመጥ ያልሽኝ እኮ አንቺ ነሽ» አልኳት በመጨረሻ።

«እኔማ ነኝ።»

«አንቺንስ ምን አለሽ?»

«እኔን ማን ጠየቀኝ?» አለችና ቆጮውን ከጎመኑ ጋር ዘርግታልኝ፣ ለሌሎቹ ስንቅ ልታደርስ ተነሳች።

የምሳ ፊሽካ ከተነፋ ቆይቷል። ቆጮውን ይዤ ወደ ሰዎቹ ጠጋ አልኩና ሣሩ ላይ አስቀመጥኩት። እኛ ዘንድ ሰው ብቻውን አይበላም።

«ቢስሚላህ በሉ፣ አባ ከድር» አልኩ።

«ጠግቤያለሁ» አሉ። ሆዳቸው ሲጮህ እሰማዋለሁ።

«መምሬ፣ እርስዎስ?»

«ጾም ነው።»

ጾም አልነበረም። የጾሙን ቀን ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው፤ ቆጮና ጎመን ደግሞ በጾምም ይበላል። የቀረውን ሰው በየተራ አየሁ፤ በየተራ ዓይኑን ወደ ድንጋዩ መለሰ። ማንም አልተሳደበም፤ ሁለተኛ ፊሽካ እስኪነፋ ሁሉም እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ተቀምጦ ቆየ።

ቆጮውን አንስቼ ተመለስኩና ጀርባዬን ሰጥቼ በላሁ። አጠገቤ ማንም አልነበረም፤ የጎረስኩትን አይቶ ከተማው ጎረሰ ብሎ የሚቆጥርም አልነበረም። እኔ በላሁ፤ ቡታጅራ ጦሟን ዋለች።